በሞክሼ የተመለሰ ስም

እ.ኤ.አ. ጁን 10 ቀን 2025 የአሜሪካው ፕሬዚዳንት ዶናልድ ትራምፕ በሰሜን ካሮላይና፣ ፎርት ብራግ ውስጥ ለተሰበሰቡ ወታደሮች ንግግር ሲያደርጉ፣ ሁለት ዓመት ቀደም ብሎ ስማቸው የተለወጠ ሰባት የጦር ሰፈሮች ወደ ቀድሞ ስማቸው እንደሚመለሱ አስታወቁ። ሰፈሮቹን በየስማቸው ሲጠሩም አንዱን «ፎርት ሮበርት ኢ. ሊ» አሉት። ሮበርት ሊ ከ1861 እስከ 1865 በተካሄደው የእርስ በርስ ጦርነት፣ ባርነትን ላለመልቀቅ ከኅብረቱ የተገነጠሉትን የደቡብ ግዛቶች ዋና ጦር የመራ ጀነራል ነው። በዚያው ቀን ጦሩ ያወጣው መግለጫ ግን ሌላ ሰው ጠራ። ሰፈሩ የሚሰየመው በ1898 ኩባ ላይ ለተዋጋው ጥቁር አሜሪካዊ ተራ ወታደር፣ ለፊትዝ ሊ ነው አለ። ፕሬዚዳንቱ የጠሩት ሰውና መግለጫው የጠራው ሰው ለየቅል ናቸው፤ በሩ ላይ የሚሰቀለው ታፔላ ግን ያው ነው፤ ፎርት ሊ ይላል። (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

በአሜሪካ የጦር ታሪክ ውስጥ በተለያዩ ጦርነቶች ስማቸው የሚነሣ ሞክሼ መኮንኖች ብዙ ናቸው። በአንዱ ጦርነት አንድ ጀነራል ክላርክ፣ በሌላው ሌላ ጀነራል ክላርክ፤ እዚህ ጃክሰን፣ እዚያም ጃክሰን። ታሪኩን ከላይ ከላይ የሚያነብ ሰው ሁሉንም የአንድ ጀግና ቤት ልጆች አድርጎ ቢወስዳቸው አያስገርምም። እኔ ግን የቤተሰብ ስም ብቻውን ስለ ሰውየው ምንም አይመሰክርም ባይ ነኝ። የሥጋ ዝምድናን አያረጋግጥም፤ ጀግንነትን አያረጋግጥም፤ ሰውየው ለምን ዓላማ እንደቆመ ደግሞ ጭራሽ አይናገርም። ይህ እውነት ከሆነ፣ የአንዱን ስም ለመመለስ ሞክሼውን ፈልጎ ማቅረብ ለሞክሼውም ለታሪኩም ታማኝ ያልሆነ ሥራ ነው።

ይህን ለመረዳት የአሜሪካውያን አጠራር ከእኛ የሚለይበትን ቦታ ማየት ይጠቅማል። ፊታውራሪ ዳምጠው ከተማ በ1896 አድዋ ላይ ወደቁ። ልጃቸው ራስ ደስታ ዳምጠው በደቡብ ግንባር ጣልያንን ሲወጉ ቆይተው በ1937 ተይዘው ተገደሉ። የራስ ደስታ ልጅ እስክንድር ደስታ የባሕር ኃይሉ ሪር አድሚራል ሆነው በ1974 ተረሸኑ። አንድ ቤት ነው፤ የሦስቱን ዝምድና የምናውቀው ግን የእያንዳንዳቸውን ስም ከነአባታቸው ስም አያይዘን ስናነብ ነው። በአሜሪካ ሥርዓት ቢሆን ሦስቱም «ከተማ» ተብለው በተጠሩ ነበር፤ ያን ጊዜ ደግሞ ምንም የማይገናኛቸው ሌላ ከተማ ሁሉ ከእነሱ ጋር ይምታታ ነበር። በአሜሪካ ጦር ውስጥ ወታደሩ ደረቱ ላይ የሚለጥፈው የቤተሰብ ስሙን ብቻ ነው፤ አለቃው የሚጠራው በዚያ ነው፤ የጦር ሰፈርም በአብዛኛው የሚሰየመው በዚያው ነው። ዛሬ በዚያ ጦር የሚያገለግሉ የኢትዮጵያውያን ልጆች ደረታቸው ላይ የሚለጥፉት የአባታቸውን ወይም የአያታቸውን ስም ነው። ሁለት «ተስፋዬ» በአንድ ጓድ ቢገናኙ ዘመድ ናቸው ብሎ የሚያስብ ሐበሻ የለም፤ አሜሪካዊው አለቃቸው ግን ወንድማማች ናችሁ ወይ ብሎ ቢጠይቅ አይፈረድበትም።

እርግጥ ስምና ደም አብረው የሚሄዱባቸው ቤቶች አሉ። ከሁሉም የታወቀው የማካርተር ቤት ነው። ኖቬምበር 25 ቀን 1863 ቴነሲ ውስጥ፣ ከቻታኑጋ ከተማ አጠገብ ባለው ሚሽነሪ ሪጅ በተባለ ተራራ ላይ፣ የ18 ዓመቱ አርተር ማካርተር የ24ኛውን የዊስኮንሲን ሬጅመንት ሰንደቅ ይዞ ጥይት እየዘነበበት እስከ ጫፉ ወጣ። ለዚህ ሥራው በ1890 የአገሪቱ ከፍተኛ የጀግንነት ሽልማት የሆነው የክብር ሜዳሊያ ተሰጠው። በሁለቱ የዓለም ጦርነቶችና በኮሪያ የተዋጋው ልጁ ዳግላስ በ1942 ይህንኑ ሜዳሊያ ሲያገኝ፣ ሁለቱ የተሸለሙት የመጀመሪያዎቹ አባትና ልጅ ሆኑ። ይህን ያየ ሰው ጀግንነት በደም ይወረሳል ቢል ማስረጃ ያለው ይመስላል። ነገር ግን ዳግላስ ከአባቱ የወረሰውን ቀረብ ብለን ስንመረምር ከደሙ ይልቅ የተከፈተለት በር ይበልጥ ይታያል። የተወለደው ሊትል ሮክ በሚገኝ የጦር ሰፈር ውስጥ ነው፤ ያደገው በወታደር መካከል ነው፤ አባቱ ጀነራል ነበር። ከዌስት ፖይንት የጦር አካዳሚ በ1903 አንደኛ ሆኖ ሲመረቅ ከክፍል ጓደኞቹ አንዱ ኡሊሲስ ግራንት ሣልሳዊ፣ የታላቁ ጀነራልና የፕሬዚዳንት ግራንት የልጅ ልጅ ነበር። የሁለቱም እናቶች ልጆቻቸውን ለመከታተል አካዳሚው ግቢ ውስጥ ባለ ሆቴል ከርመዋል። ዳግላስ ብልህና ደፋር መሆኑን አልክድም፤ ፈተናውን ያለፈው ራሱ ነው። ግን ስንት ብልህና ደፋር የገበሬ ልጅ ያ በር የት እንዳለ እንኳ ሳያውቅ ቀርቷል?

ጀግንነት በደም ቢወረስ ኖሮ ታማኝነትም አብሮ በተወረሰ ነበር። የበክነር ቤት ግን ይህን ያፈርሰዋል። ሳይመን ቦሊቫር በክነር የደቡብ ተገንጣዮች ጀነራል ሆኖ በፌብሩዋሪ 1862 ፎርት ዶነልሰንን ለግራንት ያስረከበ ሰው ነው። ልጁም ሙሉ ስሙ ሳይቀር ያው ሳይመን ቦሊቫር በክነር ይባላል፤ በጁን 1945 በኦኪናዋ ደሴት የአሜሪካን 10ኛ ጦር እየመራ በጃፓን መድፍ ተገደለ። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት በጠላት ተኩስ ከወደቁት አሜሪካውያን በማዕረግ ከፍተኛው እሱ ነው። አባት የወጋውን ሰንደቅ ልጅ ሞተለት። ስማቸውን ብቻ ያየ ሰው ከሁለቱ የትኛው ከሃዲ የትኛው ታማኝ እንደሆነ በምን ይለያል?

ከዚህም የሚብሰው የዴቪስ ስም ነው። ጀፈርሰን ዴቪስ ዌስት ፖይንት የተማረ፣ በሜክሲኮ ጦርነት የቆሰለ፣ በኋላም የተገንጣዮቹ ፕሬዚዳንት የሆነ ሰው ነው። በዚያው የእርስ በርስ ጦርነት በተቃራኒው ወገን፣ በኅብረቱ ጦር ውስጥ፣ ጀፈርሰን ሲ. ዴቪስ የሚባል ጀነራል ነበር፤ ዝምድና የላቸውም። ይህ ሁለተኛው በ1862 የገዛ አለቃውን ጀነራል ኔልሰንን ሆቴል ውስጥ ተኩሶ ገድሎ ሳይፈረድበት ቀረ። በዲሴምበር 1864 ደግሞ ጆርጂያ ውስጥ ኤበነዘር ክሪክ በተባለ ወንዝ ላይ፣ ጦሩ ከተሻገረ በኋላ ተንሳፋፊውን ድልድይ አስነሣ፤ ነጻነት ፍለጋ ሠራዊቱን ተከትለው የመጡ ጥቁሮች ከኋላቸው የጠላት ፈረሰኛ እየደረሰባቸው ወንዙ ዳር ቀሩ፤ ብዙዎች ውኃው ውስጥ ገብተው ሰጠሙ። እንግዲህ «ዴቪስ» ብሎ ስሙን ማወቅ ቀርቶ «የኅብረቱ ወገን» ብሎ ሰልፉን ማወቅም አልበቃም። ሦስተኛው ዴቪስ ቤንጃሚን ኦ. ዴቪስ ነው፤ በ1940 የአሜሪካ ጦር የመጀመሪያው ጥቁር ጀነራል ሆነ። እዚህም ሞክሼ ልጅ አለ። ቤንጃሚን ታናሹ በ1932 ዌስት ፖይንት ሲገባ አባቱ ኮሎኔል ነበር፤ ይህ የመኮንንነት ስም ግን ለነጮቹ ልጆች እንደከፈተው በር አልከፈተለትም። አራት ዓመት ሙሉ ከሥራ ጉዳይ በቀር ያናገረው ተማሪ አልነበረም፤ ለብቻው ክፍል ኖረ፤ እንዲሰላችና እንዲሄድ ነበር የታሰበው። አልሄደም። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት በጣልያን ሰማይ ላይ ጥቁር አብራሪዎችን መራ፤ በ1954 የአየር ኃይሉ የመጀመሪያው ጥቁር ጀነራል ሆነ። የማካርተርና የዴቪስ አባትና ልጅ ጎን ለጎን ሲታዩ፣ ስም የሚሠራው ተቋሙ ሊሰማው ሲፈልግ ብቻ መሆኑ ይገለጣል።

የአጋጣሚ ሞክሼዎችን ብዙ አላወራባቸውም፤ አንድ ሁለት ይበቃሉ። በ1779 ቪንሴንስን ከእንግሊዞች የያዘው ጆርጅ ሮጀርስ ክላርክ፣ በጁን 1944 ሮም የገባው ማርክ ክላርክ (የእኛ ቃኘው ሻለቃዎች ኮሪያ ሲዋጉ የተባበሩት መንግሥታት ጦር ዋና አዛዥ የነበረው ነው)፣ በ1999 በኮሶቮ ጦርነት የኔቶን ጦር ያዘዙት ዌስሊ ክላርክ አንድ ቤት አይደሉም። እንዲያውም ዌስሊ ክላርክ ሲወለዱ ስማቸው ካን ነበር፤ አባታቸው በልጅነታቸው ሞተው የእንጀራ አባታቸውን ስም ነው የወሰዱት። ደቡብ ካሮላይና ያለው ፎርት ጃክሰን ደግሞ የተሰየመው በ1815 ኒው ኦርሊንስ ላይ እንግሊዞችን ላሸነፈው ለአንድሩ ጃክሰን ሆኖ ሳለ፣ የተገንጣዮቹ ጀነራል ስቶንዎል ጃክሰን የሚመስለው ሰው አይጠፋም። አንድ ቃል የተጻፈበት ታፔላ ሁልጊዜም ለዚህ ዓይነት ስህተት የተጋለጠ ነው።

ወደ ጦር ሰፈሮቹ ልመለስ፤ ነገሩ የሚከብደው እዚያ ነውና። ዛሬ የሚያከራክሩት ዘጠኝ ሰፈሮች የተቆረቆሩት በሁለቱ የዓለም ጦርነቶች ዘመን፣ ሁሉም በደቡብ ግዛቶች ነው። ጦሩ በ1917 ባወጣው መመሪያ ስሞቹ አጭር እንዲሆኑ፣ በአካባቢው ሰውም የማይጠሉ እንዲሆኑ ይፈልግ ነበር። የአካባቢው ሰው ሲባል ግን ነጩ ማለት ነው፤ በዚያ ዘመን በደቡብ የጥቁሩን አስተያየት የጠየቀ አልነበረም። በዚህ መንገድ ኅብረቱን የወጉ ሰዎች ስም በኅብረቱ ጦር በር ላይ ወጣ። ከእነሱም መካከል በውትድርና ችሎታቸው እንኳ የማይመሰገኑ ነበሩ። ብራክስተን ብራግ አርተር ማካርተር ሰንደቁን ያወጣበትን ሚሽነሪ ሪጅን አስነጥቆ ከአዛዥነት የለቀቀ ጀነራል ነው። ጆን ቤል ሁድም በ1864 መጨረሻ ፍራንክሊንና ናሽቪል ላይ ሠራዊቱን አስፈጅቷል።

ኮንግረስ በጃንዋሪ 2021፣ በዚያን ጊዜም ፕሬዚዳንት የነበሩት ትራምፕ ውድቅ ቢያደርጉትም በሁለት ሦስተኛ ድምፅ ባጸደቀው ሕግ፣ ተገንጣዮቹን የሚያከብሩ ስሞች እንዲነሡ አዘዘ። በጡረተኛዋ አድሚራል ሚሼል ሃዋርድ የሚመራ ኮሚሽን ተቋቁሞ አዳዲስ ስሞች ቀረቡ፤ በ2023 ታፔላዎቹ ሁሉ ተለወጡ። ፎርት ሁድ የቴክሳስ ተወላጅ በሆኑት፣ በኮሪያም በቬትናምም ከክብር ሜዳሊያ ቀጥሎ ያለውን የጀግንነት መስቀል ባገኙት፣ የመጀመሪያው ባለ አራት ኮከብ ሂስፓኒክ ጀነራል በሪቻርድ ካቫዞስ ተጠራ። ፎርት ቤኒንግ በቬትናም ኢያ ድራንግ ሸለቆ በተዋጉት በሃል ሙርና የሞቱ ወታደሮች ቤተሰቦች መርዶ በክብር እንዲነገራቸው በታገሉት በባለቤታቸው በጁሊያ ስም ተሰየመ። ፎርት ሊ ደግሞ ፎርት ግሬግ-አዳምስ ሆነ። አርተር ግሬግ ወጣት መኮንን ሆነው እዚያው ሰፈር ሲመደቡ በቆዳ ቀለማቸው ምክንያት መኮንኖች ክበብ እንዳይገቡ የተከለከሉ፣ በኋላ ሌተና ጀነራል የሆኑ ሰው ናቸው፤ ስማቸው በሩ ላይ ሲወጣ በሕይወት ነበሩ፣ በሥነ ሥርዓቱም ላይ ተገኝተዋል። ቻሪቲ አዳምስ በ1945 እንግሊዝና ፈረንሳይ ውስጥ የተከማቸውን የወታደሮች ደብዳቤ ያደለውን የጥቁር ሴቶች ሻለቃ የመራች ሌተና ኮሎኔል ናት።

እነዚህ ናቸው የተነሡት። በፌብሩዋሪ 2025 የመከላከያ ሚኒስትሩ ፒት ሄግሴት ፎርት ሊበርቲ ተብሎ የነበረውን ሰፈር ወደ ፎርት ብራግ መለሱ፤ ግን ለብራክስተን ሳይሆን ለሮላንድ ብራግ ነው ተባለ። ሮላንድ ብራግ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት የተዋጋ ተራ የአየር ወለድ ወታደር ነው፤ በቤልጂየም ክረምት ውስጥ የጀርመኖችን አምቡላንስ ቀምቶ የቆሰለ ጓደኛውን 20 ማይል ነድቶ ሆስፒታል አድርሷል። ቀጥሎ ቤኒንግ፣ በአንደኛው የዓለም ጦርነት ለተዋጋው አስር አለቃ ለፍሬድ ቤኒንግ። ከዚያ በጁን የቀሩት ሰባቱ። ለሁድ ሌላ ሁድ፣ ለፖልክ ሌላ ፖልክ፣ ለሩከር ሌላ ሩከር፣ ለፒኬት ሌላ ፒኬት ተገኘ። ሕጉ የሚከለክለው ተገንጣዮቹን ማክበር ነው፤ ሞክሼያቸውን አይከለክልም። ፊደሉ ተጠበቀ፤ የተጻፈበት ምክንያት ግን ተጣሰ።

ዓላማው ምን እንደነበር ለሚጠራጠር ሰው የፎርት ኤ.ፒ. ሂል ነገር ይበቃዋል። አምብሮዝ ፓወል ሂል በኤፕሪል 1865 ፒተርስበርግ አጠገብ የተገደለ የተገንጣዮቹ ጀነራል ነው፤ በተለምዶ ኤ.ፒ. ሂል ይባላል። የስሙን ሁለት መነሻ ፊደላትና «ሂል»ን አንድ ላይ የያዘ ሌላ ጀግና አልተገኘም። ስለዚህ ሦስት ሰዎች ተገጣጠሙ፤ ለ«ኤ» ተራ ወታደር ብሩስ አንደርሰን፣ ለ«ፒ» ሮበርት ፒን፣ ለ«ሂል» ሌተና ኮሎኔል ኤድዋርድ ሂል። ሦስቱም የክብር ሜዳሊያ ያላቸው የኅብረቱ ወታደሮች ናቸው። ፒን ጥቁር ነበር፤ በሴፕቴምበር 1864 ቨርጂኒያ ውስጥ መኮንኖቹ ሁሉ ሞተውና ቆስለው ሲያልቁ የሻምበሉን ጦር ተረክቦ በጀግንነት የመራ ሰው ነው። ከጦርነቱ በኋላ ጠበቃ ሆነ። የዚህን ሰው ሕይወት ወስዶ ከመካከሉ አንዲት ፊደል መውሰድ፣ ያቺም ፊደል እሱ የወጋውን ጠላት ስም እንድትሞላ ማድረግ ምን ዓይነት ማክበር ነው? በዚህ መሀል ከዚያ በር ላይ የተነሣው ደግሞ የክብር ሜዳሊያ የተሸለመች ብቸኛዋ ሴት፣ የሐኪሟ የሜሪ ዎከር ስም ነው።

ፊትዝ ሊን ግን ላልፈው አልችልም፤ ከሁሉም ይልቅ ታሪኩ የሚያሳዝነው የእሱ ነው። የተወለደው በ1866፣ ጦርነቱ ባበቃ በዓመቱ፣ ቨርጂኒያ ዲንዊዲ ካውንቲ ነው። ዲንዊዲ ከፒተርስበርግ ጋር ይዋሰናል፤ ዛሬ ፎርት ሊ ያለውም ፒተርስበርግ አጠገብ ነው፤ ሮበርት ሊ ከዘጠኝ ወር በላይ ተከቦ የተዋጋውም እዚያው ፒተርስበርግ ነው። በዚያው በዲንዊዲ፣ ኤፕሪል 1 ቀን 1865 ፋይቭ ፎርክስ በተባለው ቦታ የተገንጣዮቹ መስመር ሲሰበር፣ ጀነራል ፒኬትና የሮበርት ሊ የወንድም ልጅ ፊትዝሂው ሊ ከጦሩ ኋላ ዓሣ እየበሉ ነበር። ፊትዝሂው ሊንም ሰው «ፊትዝ ሊ» ነበር የሚለው። እንግዲህ ሁለት ፊትዝ ሊ አሉ። ጀነራሉ ከሽንፈቱ በኋላ የቨርጂኒያ አገረ ገዥ ሆነ፤ በሃቫና የአሜሪካ ቆንስል ሆነ፤ በ1898 ከስፔን ጋር ጦርነት ሲነሣ ቀድሞ የወጋውን የአሜሪካን መለዮ መልሶ ለብሶ ሜጀር ጀነራል ተባለ፤ የመራው ኮርም ሳይዋጋ ጦርነቱ አለቀ። ተራ ወታደሩ ፊትዝ ሊ በዚያው ጦርነት ነጭ መኮንኖች በሚያዙት የጥቁሮች 10ኛ ፈረሰኛ ሬጅመንት ውስጥ ነበር። ጁን 30 ቀን 1898 ኩባ ውስጥ ታያባኮዋ በተባለ ባሕር ዳርቻ የወረደ ጓድ በስፔኖች ተኩስ ተመትቶ ሲያፈገፍግ ቁስለኞቹ መሬት ቀሩ። ሊያወጧቸው የተላኩ ጀልባዎች ተደጋግመው ተመለሱ። ከዚያ ፍሎሪዳ ከተባለችው መርከብ ላይ አራት የ10ኛ ፈረሰኛ ተራ ወታደሮች እኛ እንሂድ አሉ፤ ሊ አንዱ ነበር። በጨለማ ቀዝፈው ጠላት ፊት ወርደው ቁስለኞቹን ይዘው ተመለሱ። በጁን 1899 ሜዳሊያው ተሰጣቸው። ሊ ግን ያን ጊዜ በኩላሊት ሕመም ተይዞ ዓይኑ ጠፍቶ፣ ከጦሩ ሊሰናበት ተቃርቦ ነበር፤ በዚያው ዓመት ሴፕቴምበር ካንሳስ፣ ሌቨንወርዝ ውስጥ በድህነት ሞተ። ከመቶ ዓመት በላይ የትኛውም የጦር ሚኒስትር ሰፈር ልሰይምለት አላለም። የተጠራው ሮበርት ሊን መመለስ በተፈለገበት ቀን ነው።

ለዚህ ሁሉ የሚሰጥ መልስ አለ፣ መልሱም ቀላል አይደለም። የመጀመሪያው፣ ምክንያቱ ምንም ይሁን ምን የተሰየሙት ሰዎች እውነተኛ ጀግኖች ናቸው የሚል ነው። እውነት ነው። ለአዲሱ ፎርት ጎርደን የተመረጠው ጌሪ ጎርደን፣ በኦክቶበር 1993 ሞቃዲሾ ላይ የወደቀ ሄሊኮፕተር አብራሪ በሕዝብ ተከብቦ ሳለ አውርዱኝ ብሎ ወርዶ አብራሪውን ሲከላከል የሞተ ወታደር ነው፤ ከዚህ በላይ ምን ይጠየቃል? ነገር ግን ጥያቄው ጎርደን ይገባዋል ወይ አይደለም። ጥያቄው ስሙ ጎርደን ባይሆን ኖሮ ይጠራ ነበር ወይ ነው። አብሮት ወርዶ አብሮት የሞተው፣ በዚያው ቀን ሥራ ያንኑ ሜዳሊያ ያገኘው ራንዲ ሹጋርት ነው፤ ሹጋርት የሚባል የተገንጣዮች ጀነራል ስላልነበረ ሰፈር አላገኘም። ጀግንነቱ እኩል ሆኖ የሚለየው ስም ከሆነ፣ የተከበረው ስሙ እንጂ ጀግንነቱ አይደለም። ደግሞም ጀግና ማክበር ቢሆን የተፈለገው ካቫዞስ፣ ሙር፣ ግሬግ፣ አዳምስ፣ ዎከር ቦታው ላይ ነበሩ።

ሁለተኛው መልስ የወታደሮቹ ነው፣ እኔም የማከብረው ይህን ነው። ከፎርት ብራግ ተነሥተው ኖርማንዲ፣ ቬትናም፣ ኢራቅ የዘመቱ ሰዎች አሉ፤ ለእነሱ ብራግ ማለት ብራክስተን አይደለም፤ ጓደኛቸውን ያገኙበት፣ ልጃቸው የተወለደበት፣ ጓዳቸውን የቀበሩበት ቦታ ነው። ስም ከመቃብር በላይ ይውላል እንላለን፤ የሰፈር ስምም እንዲሁ ከሰየመው ሰው በላይ ኖሮ የኖሩበት ሰዎች ይሆናል። ይህን ምክንያት ፊት ለፊት ቢያቀርቡት ልከራከርበት እችላለሁ፣ ልሸነፍበትም እችላለሁ። ያልቀረበው እሱ ነው። የቀረበው፣ ስሙ የሌላ ሰው ነው የሚል ነው። ይህ ለነባሮቹ ወታደሮችም አይበጅም፤ ትዝታቸው ያለበት ስም በማያውቁት ሰው ተሸፍኖ ነው የተመለሰላቸው።

ሦስተኛው መልስ፣ ሞክሼን በአንድ ስም ማክበር አዲስ ነገር አይደለም የሚል ነው። ለዚህ ጥሩ ምሳሌ የሚሆነው ጆን ኤስ. ማኬን የተባለችው የባሕር ኃይል መርከብ ናት። መጀመሪያ የተሰየመችው በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ለተዋጋው አድሚራል ማኬንና በቬትናም ጦርነት ጊዜ የፓስፊክን ጦር ላዘዘው ለአድሚራሉ ልጁ ነው። በ2018 ደግሞ ሃኖይ ላይ ከአምስት ዓመት በላይ ምርኮኛ ሆነው የከረሙት የልጅ ልጁ ሴናተር ጆን ማኬን ታከሉበት። እዚህ ግን የተደበቀ ነገር የለም። ሦስቱም በሙሉ ስማቸው አንድ ናቸው፣ ዝምድናቸው የታወቀ ነው፣ አዲሱ ሲጨመር የቀድሞዎቹ አልተነሡም፣ በአደባባይ ተነገረ። ፎርት ሊ ላይ የሆነው የዚህ ተቃራኒ ነው፤ አዲሱ ሰው የተጨመረው የቀድሞው እንዳይታይ ሆኖ እንዲኖር ነው።

ፍርዴ እንግዲህ ግልጽ ነው። የፎርት ሊ፣ የፎርት ብራግና የፎርት ኤ.ፒ. ሂል ስም መመለስ በሞክሼ የተደረገ የተገንጣዮች መመለስ ነው፤ ጀግና ማክበር ብዬ አልጠራውም። ጦሩ እውነት ፊትዝ ሊን ካከበረ ሥራው ቀላል ነው፤ በሩ ላይ ሙሉ ስሙን ይጻፍ፣ «ፎርት ፊትዝ ሊ» ይበል፤ ለሮላንድ ብራግም፣ ለፍሬድ ቤኒንግም፣ ለጌሪ ጎርደንም እንዲሁ ያድርግ። ፒንና አንደርሰንን ከአንዲት አንዲት ፊደል ያውጣቸው። የሁለት ቃላት ታፔላ ከአንድ ቃል ታፔላ ይበልጥ አያስወጣም። ያ እስኪሆን ድረስ፣ ቨርጂኒያ የምትኖሩ ኢትዮጵያውያን አንባቢዎች በፒተርስበርግ በኩል ስታልፉ «ፎርት ሊ» የሚለውን ካያችሁ፣ በኋላ ወንበር የተቀመጡት ልጆቻችሁ የትኛው ሊ ነው ብለው ሲጠይቁ ሁለቱንም ንገሯቸው፤ ኅብረቱን የወጋውን ጀነራል ሮበርት ሊንም፣ በ1898 ታያባኮዋ ላይ ቁስለኞችን ያወጣውን የ10ኛ ፈረሰኛ ተራ ወታደር ፊትዝ ሊንም።